የዱባይ ተራው ቡድን አምበል

ሙናዊር ብርድ ልብስ ይሸጣል። መርካቶ ዱባይ ተራ ገብታችሁ፣ ከምድር ቤቱ መተላለፊያ በስተግራ፣ ከወለል እስከ ኮርኒስ በተቆለለ ብርድ ልብስ መሀል ፊቱ ብቻ ብቅ ያለ ሰው ካያችሁ እሱ ነው። ሃምሳ ሦስት ዓመቱ ነው። ከስልጤ አገር መርካቶ የገባው ጢም ሳያወጣ ሲሆን፣ ከዚያ ወዲህ ከመርካቶ የወጣው ለሠርግና ለለቅሶ ብቻ ነው ቢባል ብዙ አልተጋነነም። ሰውየው ደግ ነው፤ ሳቂታ ነው፤ ግን ግትር ነው። ሲያኮርፍ ደግሞ እንደ ብርድ ልብሱ ነው፣ አንዴ ከተጠቀለለ የሚፈታው የለም።

የብርድ ልብስ ሥራ ወቅት አለው። ክረምት ሲገባ ምሳ የሚበላበት ጊዜ አያገኝም። በሚያዝያና በግንቦት ግን ብርድ ልብስ ፈልጎ የሚመጣ ሰው ወይ ሙሽራ ነው ወይ ወባ የያዘው ነው። ድሮ ይህን የሙቀት ወራት ሙናዊር የሚያሳልፈው ፊት ለፊቱ ካለው መጋረጃ ቤት ነበር። የመጋረጃ ቤቱ ባለቤት ሐምዱ ይባላል፤ ወላጆቹ ከወሎ የመጡ፣ እዚያው አዲስ ከተማ ተወልዶ ያደገ፣ ከሙናዊር ጋር ከጉርምስና ጀምሮ የማይለያይ ወዳጁ ነበር። ሁለቱ አንድ በርጩማ ላይ ጀርባ ለጀርባ ተቀምጠው ሲከራከሩ ነበር የሚውሉት። በምን እንደሚከራከሩ ግን እነሱም የሚያውቁት አይመስለኝም።

ነበር ማለቴ፣ በ1998 ዓ.ም. ስለተጣሉ ነው።

በመርካቶ ማንም ያልጻፈው፣ ማንም ግን የማይጥሰው አንድ ደንብ አለ። ደንበኛ አንድ ሱቅ ገብቶ ዕቃውን በእጁ ከነካ በኋላ ጎረቤት አይጠራውም። ዓይኑን ብቻ ጣል አድርጎ ከሆነ ይጠራል፣ ምንም አይደለም። ከነካ ግን አለቀ፣ እጁን አንስቶ እስኪወጣ ድረስ የዚያ ሱቅ እንግዳ ነው። እና አንድ ቀን ከሻሸመኔ የመጣች ሴት የሙናዊርን ብርድ ልብስ በሁለት እጇ እያሻሸች ሳለ፣ ሐምዱ ከወዲያ ማዶ «እናት ዓለም፣ መጋረጃስ አያስፈልግሽም?» አላት። ሴትዮዋ ዞር አለች። መጋረጃውን አየች። ከዚያ የእጅ ሰዓቷን አየችና አውቶቡሱ ሊያመልጣት እንደሆነ ትዝ ብሏት ከሁለቱም ሳትገዛ ሄደች።

«ዕቃዬን የነካችውን ሴት ጠራህብኝ!» አለ ሙናዊር።

«መጋረጃ ብርድ ልብስ ነው እንዴ? ምንህን ነጠቅኩህ?» አለ ሐምዱ።

ነገሩ ይኸው ነው፤ ሌላ ምንም የለበትም። የተራው ሽማግሌዎች ሦስት ጊዜ ለማስታረቅ ቁጭ ብለዋል። ሙናዊር «እሱ ይጀምር» አለ፤ ሐምዱም «እሱ ይጀምር» አለ። ሽማግሌዎቹ ተስፋ ቆርጠው ወደ ሥራቸው ተመለሱ። ከዚያ ወዲህ ሁለቱ ሰዎች በአራት ሜትር ርቀት ላይ ፊት ለፊት ተቀምጠው፣ በየቀኑ እየተያዩ፣ ሦስት ዓመት አንድ ቃል ሳይነጋገሩ ኖሩ።

ሙናዊር በዚያ ዓመት ሙቀቱ ሲመጣ ምን እንደሚያደርግ ጠፋው። ሰው አይናፍቀኝም ይል ነበር እንጂ ናፍቆት ነበር፤ በጣም ናፍቆት ነበር። ልጁ ሪሃና ተድራ አዳማ ስትሄድ በእጅ የሚያዘውን ጌሟን፣ ፒኤስፒውን፣ ትታለት ነበር። «አባባ፣ ሥራ ሲቀዘቅዝ ይጫወቱበት» ብላ። ውስጡ ያለው የኳስ ጌም ነው። መጀመሪያ በአውራ ጣቱ ሲነካካው ተጫዋቾቹ ወደ ራሳቸው ጎል ነበር የሚሮጡት። ከወር በኋላ ግን ጨዋታው ገባው። እንግሊዝኛ አያውቅም፤ ፊደሉንና ቁጥሩን ግን ያውቃል፣ ዘጠና ዘጠኝ ከአርባ እንደሚሻል ለመርካቶ ነጋዴ የሚነግረው አያስፈልግም።

አንድ ቀን የሪሃና ባል መጥቶ የተጫዋቾቹን ስምና ችሎታ መቀየር እንደሚቻል አሳየው። ይህ ነው ጉድ ያፈላው። ሙናዊር የፈረንጆቹን ስም እየፋቀ የተራውን ሰው አስገባ። ዕቃ ተሸካሚው ወርቁ ጉልበቱ ዘጠና ዘጠኝ ሆነ፤ ይገባዋል። ሻይ የምታዞረው ጽጌሬዳ በረኛ ሆነች፤ ያስወጣችው ብርጭቆ ሳይመለስላት የቀረ ቀን የለምና። ልብስ ሰፊው ቦጋለ ተከላካይ ሆኖ ፍጥነቱ አርባ ተሰጠው። የሙናዊር ሱሪ ከቦጋለ ዘንድ ለአምስት ወር «ነገ ይደርሳል» ሲባል ስለኖረ አርባም በዝቶበታል።

የአሥር ቁጥሩ ቦታ ግን አልሞላ አለው። የሚስቱን ወንድም ሞከረ፤ አልሆነም። የራሱን ስም ጻፈ፤ አፍሮ ሰረዘው። አንድ ከሰዓት በኋላ ጣቱ ከልቡ ቀድሞ «ሐምዱ» ብሎ ጻፈ። ሊያጠፋው ነበር። እስቲ አንድ ጨዋታ ልየው አለ። ሐምዱ ሦስት ጎል አገባ። በሚቀጥለው ሳምንት አምበል አደረገው። ዱባይ ተራ የተባለው ይህ ቡድን ከዚያ በኋላ አልተሸነፈም፤ ዘጠኝ ዋንጫ ወሰደ፤ እውነተኛው ሐምዱም ከአራት ሜትር ማዶ መጋረጃውን እየለካ ምንም አያውቅም።

ይህ ሁሉ በሰላም ይኖር ነበር፣ በ2001 ዓ.ም. ግንቦት ላይ ሙናዊር ከላይኛው መደርደሪያ ብርድ ልብስ ሲጎትት ጌሙ አብሮ ባይወርድ ኖሮ። አወዳደቁ ክፉ ነበር። የስክሪኑ ግማሽ ጠቆረ። ሙናዊር ጌሙን በሁለት እጁ ይዞ ሦስተኛ ፎቅ ሀፍሷ ዘንድ ወጣ።

ሀፍሷ ሠላሳዎቹን የጀመረች፣ ጌም የምትጭን፣ የተበላሸ ሁሉ የምትፈታ ሴት ናት። ሱቋ ውስጥ አንድ ትልቅ ቴሌቪዥን፣ ከሥሩ ፕሌይስቴሽን፣ ፊት ለፊቱ ረጅም አግዳሚ ወንበር አለ። የተራው ሥራ ፈት ሁሉ እዚያ ነው የሚገኘው። ጌሙን ከፍታ አየችና ራሷን ነቀነቀች።

«ስክሪኑ ሞቷል፣ ጋሼ። የዚህ ዓይነት ስክሪን ደግሞ ገበያው ላይ የለም። አዲስ ቢገዙ ይሻልዎታል።»

«አዲሱ ውስጥ ቡድኔ አለ?»

«የለም።»

«ታዲያ አዲሱ ምን ያደርግልኛል?»

ሀፍሷ ሳቀች። «ጋሼ፣ እርስዎ የደከሙበት ሴቩ፣ ያስቀመጡት ጨዋታ፣ ነው አይደል? ሴቩ ሜሞሪው ላይ ነው ያለው፣ ምንም አልሆነም። ይሄ ጌም ከትልቁ ፕሌይስቴሽን ጋር በገመድ ይገናኛል። ሴቩን እዚያ አዛውሬ በቴሌቪዥን መጫወት ይችላሉ።»

«የትኛው ትልቁ?»

«ይኸው» አለች ሀፍሷ፣ በአግዳሚው ላይ ከተደረደሩት ሰዎች ፊት ያለውን ቴሌቪዥን እያሳየችው።

ሙናዊር ቴሌቪዥኑን በዓይኑ ለካው። በእጁ መዳፍ ውስጥ የነበረ ነገር አሁን አንድ ሜትር ሊያክል ነው። ያላዛወረው እንደሆነ የሦስት ዓመት ድካሙ ጠፋ። ያዛወረው እንደሆነ ደግሞ ያኮረፈውን ሰው አምበል እንዳደረገ ተራው ሁሉ ያያል። ሐምዱም ይሰማል። «እሱ ይጀምር» ብሎ ሦስት ዓመት የቆየ ሰው፣ መጀመሩ ሳይታወቀው ጀምሮ ተገኘ ማለት ነው!

ሦስት ቀን አሰበበት። በሦስቱም ቀን ጌሙን እየከፈተ ፊሽካውንና የተመልካቹን ጩኸት ይሰማል፤ ኳሷ ግን ወደ ጥቁሩ ግማሽ ትገባና ትቀራለች። በአራተኛው ቀን ወደ ሦስተኛ ፎቅ ወጣ።

«አዛውሪልኝ። ግን ጠዋት፣ ሰው ሳይመጣ።»

ማዛወሩ እንዲህ በዋዛ አልሆነም። ትንሹና ትልቁ የሚግባቡት የተመሳሳይ ዓመት ጌም ሲሆኑ ብቻ ነው። ሀፍሷ ሲዲውን ፍለጋ ሁለት ቀን ዞረች። የመርካቶ ሲዲ ደግሞ ሽፋኑ ሌላ፣ ውስጡ ሌላ ነው፤ የዘንድሮ ተብሎ የተገዛው ሲከፈት የዛሬ አራት ዓመቱ ሆኖ ይገኛል። አምስተኛው ሲዲ ልክ ሆነ። መብራቱም በፈረቃ ነበርና የእነሱ ቀን እስኪደርስ ተጠበቀ።

ሐሙስ ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ ሙናዊርና ሀፍሷ ብቻቸውን ተቀመጡ። ገመዱን ከማገናኘቷ በፊት የፕሌይስቴሽኑ ሜሞሪ ሞልቶ ተገኘ።

«የማን እንደሆነ የማይታወቅ አንድ አሮጌ ሴቭ አለ። እሱን ላጥፋው?»

«የሰው ድካም አይጠፋም!» አለ ሙናዊር ደንግጦ። ወርዶ፣ ገና ሊከፍት በሩን እየገፋ ከነበረ ባለሱቅ አዲስ ሜሞሪ ገዝቶ እያለከለከ ተመለሰ።

ሀፍሷ ገመዱን ሰካች። «እስኪያልቅ ገመዱን እንዳይነኩት፣ መሃል ላይ ከተቋረጠ ሁለቱም ይበላሻል» አለችው። ሙናዊር ገመዱን ሊነካ ቀርቶ መተንፈስም ፈራ። «ቢስሚላህ» ብሎ ዓይኑን ጨፈነ። መብራቱ አንዴ ፍዝዝ አለና ተመለሰ። ቀጭኗ መስመር ሞላች።

ዓይኑን ሲገልጥ ቦጋለ ቴሌቪዥኑ ላይ ነበር። ወርቁም፣ ጽጌሬዳም፣ ዘጠኙም ዋንጫ። ሙናዊር እንደ ልጅ ሳቀ። ሀፍሷ ዝርዝሩን ወደ ታች እያወረደች ሳለ አሥር ቁጥር ላይ ቆመች።

«ሐምዱ? የታቹ፣ የመጋረጃ ቤቱ ጋሼ ሐምዱ?»

«በአገሩ ሌላ ሐምዱ የለም እንዴ?»

«አምበል ነው የሚለው።»

ሀፍሷ ብልህ ሴት ናት፤ አልሳቀችም። «ከፈለጉ ስሙን እቀይርልዎታለሁ። አንድ ደቂቃ ነው። ምን ልበለው?»

ሙናዊር አሰበ። የሚስቱን ወንድም አሰበ፤ የመስጊዱን ጎረቤት አሰበ፤ የሞቱትን አጎቱን ሳይቀር አሰበ። አንዱም አልሆን አለው። ያ ሩጫ፣ ያ ኳስ አያያዝ፣ የሌላ ሰው ስም ቢለጠፍበት ውሸት መሰለው።

«ተይው» አለ በመጨረሻ። «ተጠባባቂ ላይ አስቀምጪው። ማንም አያየውም።»

ቡድኑ ግን ምስጢር ሆኖ እስከ ምሳ ሰዓት እንኳ አልቆየም። ወርቁ ዕቃ ተሸክሞ ሲወጣ የራሱን ስም ቴሌቪዥን ላይ አየና ዕቃውን ደረጃው ላይ ትቶ ለተራው ሁሉ ተናገረ። ከሰዓት በኋላ ሁሉም ራሱን ሊያይ ይጋፋ ጀመር። ወሬው ጎጃም በረንዳ ደረሰ። እዚያ ጠሀ የሚባል የማር ነጋዴ አለ፤ በሀፍሷ ቴሌቪዥን ላይ ማንም አሸንፎት የማያውቅ፣ ይህንንም ለማንም ለመንገር የማይሰለች።

«ብርድ ልብስ ሻጩ ቡድን አለው አሉ?» ብሎ መልእክት ላከ። «አርብ ከጁምዓ በኋላ ይምጣና እናየዋለን።»

አርብ ከጁምዓ መልስ ሦስተኛ ፎቅ መተላለፊያ አልነበረውም። ሙናዊር ሲወጣ ሐምዱ ሱቁ ውስጥ መጋረጃ ይቆርጥ ነበር፤ ቀና ብሎም አላየው።

ጠሀ ዘና ብሎ ተቀመጠ። ጨዋታው ተጀመረ። በአሥራ አምስተኛው ደቂቃ የጠሀ አጥቂ ቦጋለን ጥሎት አለፈና አገባ።

«እኔ ነኝ ይሄ ኤሊ?» አለ ቦጋለ ከአግዳሚው ተነስቶ። «ሙናዊር፣ ስንት ነው የሰጠኸኝ?»

«ሱሪዬን ስትጨርስ እጨምርልሃለሁ!»

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። ሳቁ ሳያልቅ ግን ሁለተኛው ገባ። ወርቁ ከጫፍ ጫፍ ይሮጣል፤ ጽጌሬዳ አሥር ኳስ አዳነች፤ ወደ ፊት ግን ኳስ የሚይዝ ሰው የለም። መሃሉ ባዶ ነው። እረፍት ላይ ሁለት ለባዶ ነበር። ጠሀ «ይኸው ነው ቡድኑ?» አለ፣ ሻይ እያማሰለ።

ሙናዊር የተራውን ሰው ዞሮ አየ። ሁሉም የራሱን ስም በቴሌቪዥን አይቶ ደስ ብሎት የመጣ ሰው ነው። አሁን አንገቱን ደፍቷል። ወርቁ፣ በጉልበቱ ተሰድቦ የማያውቀው ወርቁ፣ «ጋሼ፣ እኔ ምን ላድርግ፣ የምችለውን እየሮጥኩ ነው» አለ፣ እውነት እሱ የሚሮጥ ይመስል። ሀፍሷ ከባንኮኒዋ ጀርባ ሆና ሙናዊርን አየችው። ተጠባባቂው ውስጥ ማን እንዳለ የሚያውቁት ሁለቱ ብቻ ናቸው።

ሙናዊር ተነፈሰ። ቁልፉን ተጫነ። ሰው ቀየረ።

ትልቁ ቴሌቪዥን ከትንሹ የሚለይበት አንድ ነገር ነበር፤ ሙናዊር አላሰበውም። ተጫዋቹ ኳስ በያዘ ቁጥር ስሙ ከራሱ በላይ ይጻፋል። በትንሹ ላይ ጉንዳን ያህል ነበር። እዚህ ግን ከበሩ የቆመ ሰው ያነበዋል።

ሐምዱ። አሥር ቁጥር። ክንዱ ላይ የአምበል ማሰሪያ።

ሁሉም አንገቱን ወደ ሙናዊር መለሰ።

«ጋሼ» አለ ወርቁ ቀስ ብሎ፣ «ይሄ የኛ ጋሼ ሐምዱ ናቸው?»

«ተጫዋች ነው። ኳሱን እዩ!»

ኳሱን ማንም አላየም። ቦጋለ ሮጦ ደረጃውን ወርዷል፤ በዕድሜው እንዲያ ሲሮጥ ታይቶ አያውቅም። ሐምዱ ግን፣ የቴሌቪዥኑ ሐምዱ፣ ሁለት ሰው አልፎ አገባ። ሁለት ለአንድ። ጩኸቱ ገና ሳይበርድ እውነተኛው ሐምዱ በሩ ላይ ቆሟል፤ ሜትሩ አንገቱ ላይ፣ መቀሱ በቀኝ እጁ። ቦጋለ ከኋላው ያለከልካል።

ሀፍሷ ጨዋታውን አቆመችው። ማንም ሳይጠይቃት የአሥር ቁጥሩን ገጽ ከፈተች። ሙናዊር «ተይ» ሊላት ሲል ዘገየ። የሐምዱ ቁጥሮች አንድ በአንድ ቴሌቪዥኑ ላይ ተደረደሩ፦ ፍጥነት ዘጠና አራት፣ ኳስ ማቀበል ዘጠና ስምንት፣ ጉልበት ዘጠና። ሰዎቹ እያነበቡ ማሻአላህ ይላሉ። ሀፍሷ የመጨረሻውን መስመር ተረጎመችላቸው። «የሚመታበት እግር፣ ግራ» አለች።

«ይሄ እንኳ ስህተት ነው!» አለ ቦጋለ፣ የፍጥነቱን ቂም የሚወጣበት ነገር አግኝቶ። «ሃያ ዓመት አብሬው ሠርቻለሁ። መቀስ በቀኝ ነው የሚይዘው፣ ሜትሩን በቀኝ፣ የሚበላው በቀኝ። ሐምዱ ግራኝ አይደለም። ሙናዊር፣ ተሳስተሃል።»

«አልተሳሳተም» አለ ሐምዱ።

ሁሉም ወደ በሩ ዞረ።

«መቀሱ በቀኝ ነው። ኳስ ግን በግራ ነበር የምመታው። ተክለ ሃይማኖት ከቤተ ክርስቲያኑ በታች ባለው ሜዳ፣ ጎረምሳ ሳለን። ካቆምኩ ሠላሳ አምስት ዓመት አልፎኛል። ሚስቴ አታውቅም። ልጆቼም አያውቁም።» መቀሱን ኪሱ ውስጥ ሊያደርገው ሞከረ፤ አልገባለት አለ። «አንተ አልረሳህም?»

«እንዴት እረሳለሁ?» አለ ሙናዊር። «ኳሱን የማቀብልህ እኔ አልነበርኩም?»

ሐምዱ በሰው መሃል እየተሽሎከለከ መጣና አግዳሚው አጠገብ ቆመ። «ጠጋ በል» አለው።

ሙናዊር ጠጋ አለለት።

«ስንት ለስንት ነን?»

«ሁለት ለአንድ እየመራን ነው» አለ ጠሀ ከወዲያ ጫፍ።

«ስጠኝ እስቲ፣ እኔ ነኝ አይደል እዚያ ያለሁት» አለና ሐምዱ እጁን ዘረጋ። ሙናዊር፣ ለሦስት ዓመት በዚያ ቡድን የልጁን ባል እንኳ ያላስጫወተ ሰው፣ መጫወቻውን አቀበለው።

ሀፍሷ ያቆመችውን ጨዋታ ለቀቀችው። ሐምዱ የትኛው ቁልፍ ምን እንደሚሠራ አያውቅም ነበር። በመጀመሪያው ደቂቃ ጽጌሬዳን ከጎሏ አስወጥቶ ኳሷን ለጠሀ ሰጠ። ቀጥሎ ወርቁን ወደ ራሱ ጎል አስሮጠ። ሦስተኛ ገባ፣ አራተኛ ገባ። ወርቁ ራሱን ይዞ ይጮሃል፤ ቦጋለ «አሁን ኤሊው ማን ነው?» ይላል፤ ጠሀ ተነስቶ ይጨፍራል። ሙናዊር ያልተሸነፈ ቡድኑ አራት ለአንድ ሲሸነፍ እያየ፣ ሐምዱን በክርኑ እየጎሸመ፣ «በግራ ምታ እንጂ፣ በግራ!» እያለ፣ ከሳቁ ብዛት እንባው ይወርድ ነበር።